በሶው አውቶቡስ ውስጥ ይጠጣ

እንጦጦ ላይ ረጅም ሩጫ የጨረሱ ልጆች ምግብ ሲቀርብላቸው «አይበላልኝም» ይላሉ። እውነታቸውን ነው፤ ከከባድ ልምምድ በኋላ የምግብ ፍላጎት ይጠፋል። አውቶቡሱ ከተማ እስኪገባ፣ ገላቸውን እስኪታጠቡ፣ ምሳ እስኪደርስ ግን ሰዓታት ያልፋሉ። የሯጮች የሥነ ምግብ ባለሙያ እንደመሆኔ ዘወትር የምሟገተው ስለዚህ ክፍተት ነው።

በሩጫው ያለቀው የጡንቻ ስንቅ፣ ግላይኮጅን የምንለው፣ ቶሎ የሚተካው በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት ነው። ከሰዓት በኋላ ሌላ ልምምድ የሚጠብቀው ሯጭ ለእያንዳንዱ ኪሎ ክብደቱ በሰዓት 1 ግራም ያህል ካርቦሃይድሬት ያስፈልገዋል። እስከ ነገ ለሚያርፍ ጥድፊያው ይቀራል፤ የቀኑ ድምር ይበቃዋል።

ለ55 ኪሎ ሯጭ 80 ግራም ገደማ በሶ የመጀመሪያውን ሰዓት ይሸፍናል። ቤት ተጋርተው የሚኖሩ ልጆች ባላቸው ገንዘብ ከውጭ የሚመጣ ውድ የስፖርት መጠጥ ዱቄት ሲገዙ ሳይ ያንገበግበኛል። በሶውን ከስኳርና ከቁንጥር ጨው ጋር ጠርሙስ ውስጥ ይዞ መውጣት፣ ልምምዱ ሲያልቅ በጥቂት ውሃ በደንብ መናጥ፣ ከዚያ ውሃውን መሙላት ነው። ማኘክ ያቃተው ሰው ቀጠን ያለ በሶ መጠጣት አያቅተውም።

«ብዙም አላላበኝም» የሚሉትንም አልቀበልም። እዚያ ከፍታ ላይ አየሩ ደረቅ ስለሆነ ላቡ ሳይታይ ይተናል። ከሩጫው በፊትና በኋላ ሚዛን ላይ መቆም እውነቱን ያወጣዋል፤ ለጎደለው 1 ኪሎ 1.5 ሊትር ገደማ፣ በአንዴ ሳይሆን ቀስ እያሉ መጠጣት ያስፈልጋል።

ምሳው ላይ የማየው ችግር ሌላ ነው። በጾም ወቅት አንድ ትሪ ለአራት ይቀርባል፤ እንጀራው ብዙ፣ ሽሮው መሐል ላይ ትንሽ። ለጡንቻ ጥገና በአንድ ማዕድ 20 ግራም ያህል ፕሮቲን እንፈልጋለን፤ ይህን ከሽሮ ብቻ ለማግኘት 100 ግራም ያህል የሽሮ ዱቄት ለአንድ ሰው መግባት አለበት። ስለዚህ ሽሮው ወፈር ይበል፣ ምስር ይጨመር፣ ወጡ ማጥቀሻ ብቻ አይሁን። ቡናው ደግሞ ምግቡ ላይ ሳይደረብ አንድ ሰዓት ይቆይ፤ የምስሩንና የጤፉን ብረት ሰውነት በደንብ እንዳይወስድ ያግዳል። በተለይ ለሴት ሯጮች ይህ ቀላል ነገር አይደለም።

እስከ ዘጠኝ ሰዓት የሚጾሙ አሉ። ጾማችሁን ፍቱ ማለት የእኔ ሥራ አይደለም፤ የእኔ ሥራ አሰልጣኙን ማነጋገር ነው። ጠዋቱ ለቀላል ሶምሶማ ይሁን፣ ከባዱ ልምምድ ወደ መፍቻው ሰዓት ይጠጋ፤ ሩጫው ሲያልቅ በሶውም አብሮ ይደርሳል።