ፊልምና የታሪክ ምስክር

የታሪክ ሊቅ በመዝገብ ቤት ዓመታት ደክሞ ያገኘውን እውነት በመጽሐፍ ቢያሳትመው፣ የሚያነቡለት ሰዎች ጥቂቶች ናቸው። ያው እውነት በፊልም ሲታይ ግን ፊደል ያልቆጠረውም ሰው ይረዳዋል። የፖለቲካ ታሪክ ሊቃውንት ወደ ፊልም ሥራ መግባታቸው ከፍ ያለ ጥቅም አለው የምንለው ስለዚህ ነው።

ለዚህ ምሳሌ የሚሆነን አሜሪካዊው የታሪክ ሊቅ ማይክል ፓሉምቦ ነው። ኬን ከርቢ ያዘጋጀውና ቢቢሲ በ1982 ዓ.ም. ያሳየው «የፋሺስት ውርስ» የተባለው ዘጋቢ ፊልም የተሠራው በእርሱ አማካሪነት ነው። የፊልሙ የመጀመሪያ ክፍል ፋሺስቶች በኢትዮጵያ፣ በሊቢያና በዩጎዝላቪያ የፈጸሙትን ግፍ ያሳያል። ሁለተኛው ክፍል ደግሞ ከጦርነቱ በኋላ ወንጀለኞቹ ለፍርድ ሳይቀርቡ የቀሩበትን ፖለቲካ በሰነድ ያስረዳል። የኢጣሊያ መንግሥት ቴሌቪዥን ፊልሙን ገዝቶ ለሕዝብ ሳያሳየው ቀረ። ፊልም ምን ያህል እንደሚፈራ ከዚህ ልንረዳ እንችላለን።

ግራዚያኒ በ1942 ዓ.ም. በኢጣሊያ ፍርድ ቤት የ19 ዓመት እስራት ተፈርዶበት ነበር። ይሁን እንጂ ፍርዱ ከናዚዎች ጋር ስለ ተባበረ እንጂ በኢትዮጵያ ስላፈሰሰው ደም አልነበረም፤ ከጥቂት ወራትም በኋላ ተፈታ።

ይህ ነገር ለጉራጌ አገር ሩቅ አይደለም። ሙሶሊኒ ግንቦት 28 ቀን 1928 ዓ.ም. ለግራዚያኒ በላከው ቴሌግራም፣ የተማረኩ «ዐመፀኞች» ሁሉ በጥይት እንዲገደሉ አዘዘ። የካቲት 17 ቀን 1929 ዓ.ም. ራስ ደስታ ዳምጠው ከተያዙ በኋላ በቡታጅራ አጠገብ ተገደሉ። ትእዛዙ የተጻፈው በወረቀት ላይ ነው፤ የተፈጸመው ግን በዚህ አገር አፈር ላይ ነው። ሊቁ ወረቀቱን ያመጣል፤ የፊልም ባለሙያውም ቦታውን ያሳያል። በሁለቱ መካከል የሚቆም ምስክር ግን ያስፈልጋል።

ታዲያ ይህን ምስክር ፈልጎ የሚያገኘው ማን ነው? ከተራራው ማዶ በእምድብር የሚማረው ወጣት፣ በወረዳው ጽሕፈት ቤት የሚያገለግለውም ወጣት ሠራተኛ ነው እንላለን። በ1929 ዓ.ም. ልጅ የነበረ ሰው ዛሬ ዕድሜው ዘጠና ዓመትን ያለፈ ነውና ምስክሮቹ አልቀዋል ለማለት ጥቂት ቀርቶናል። ከወላጆቻቸው አፍ የሰሙት ሽማግሌዎችና አሮጊቶች ግን ገና በየእንሰቱ ጓሮ አሉ።

ቃላቸውም በለመዱት በቸሃ ቋንቋ ይያዝ፤ ትርጉሙ በኋላ ይደርሳል። ሣህለ ሥላሴ ብርሃነ ማርያም በቸሃ የጻፈው ልብ ወለድ በቮልፍ ሌስላው ወደ እንግሊዝኛ ተመልሶ እ.ኤ.አ. በ1964 ታትሟል። ቋንቋው ቁም ነገር ለመያዝ እንደማያንስ ይህ ይመሰክራል።

ሆኖም ድምፅና ሥዕል መቅዳት ብቻውን ታሪክ አይሆንም። ተናጋሪው ነገሩን በዓይኑ አይቷል ወይስ ሰምቷል? ከማንስ ሰማ? ቦታው የት ነው? ከሰነዱ ጋር ይስማማል ወይስ ይለያል? ሊቅን ከወሬ አቀባይ የሚለየው ይህ ጥያቄ ነው። የተለያዩትም ቃሎች ለፊልሙ ማማር ተብሎ አይጣሉ፤ ጎን ለጎን ይቀመጡ።

ወረቀቱ በመዝገብ ቤት ተጠብቆ ይቈያል። ሽማግሌው ግን አይቈይምና፣ ሥራው ከሽማግሌው ቢጀመር መልካም ነው እንላለን።