ያልተማሰለ ሊጥ፦ ቴምፑራ በወልድያና በመርሳ ጓዳ

ቴምፑራ ዓሣን፣ ሽሪምፕ የሚባለውን ትንሽ የባሕር እንስሳ ወይም በስሱ የተቆረጠ አትክልትን ከስንዴ ዱቄት፣ ከዕንቁላልና ከቀዝቃዛ ውሃ በተዘጋጀ ቀጭን ሊጥ ሸፍኖ፣ በጋለ ዘይት ውስጥ በማጥለቅ ለአጭር ጊዜ የሚጠበስ የጃፓን ምግብ ነው። ሳምቡሳ፣ ፓስቲና ቦምቦሊኖ በየመንገዱ ዳር በሚጠበሱበት አገር በዘይት አጥልቆ መጥበስ እንግዳ ሙያ አይደለም፤ እንግዳ የሚሆነው የሊጡ አያያዝ ብቻ ነው። ይህ አንድ ነገር ከተስተካከለ በሰሜን ወሎ ከወልድያ እስከ መርሳ ባሉ ጓዳዎች ለቴምፑራ የሚጎድለው ጥቂት ነው።

ፖርቱጋሎች እ.ኤ.አ. በ1543 ጃፓን ከደረሱ በኋላ፣ ሥጋ በማይበሉባቸው የጾም ቀናት ዓሣና አትክልትን በሊጥ ሸፍነው የመጥበስ ልማዳቸውን ለአገሬው ሰው እንዳስተዋወቁ ይታመናል። ፖርቱጋሎችን ተከትለው ጃፓን የገቡት፣ ኢየሱሳውያን የሚባሉት ሚስዮናውያን በዚያው ክፍለ ዘመን ወደ ኢትዮጵያም መጥተው ነበር፤ በ17ኛው ክፍለ ዘመን ከሁለቱም አገሮች ሲባረሩ ጃፓኖች ሃይማኖቱን ከልክለው መጥበሱን ግን አስቀሩት፤ የኤዶ፣ ማለትም የዛሬዋ ቶኪዮ፣ የጎዳና ነጋዴዎችም በሰሊጥ ዘይት እየጠበሱ ይሸጡት ጀመር። ጃፓን ዛሬ የኢትዮጵያን ሰሊጥ ከሚገዙ አገሮች አንዷ ናት።

ባሕር በሌለበት አገር ቴምፑራ አይሠራም የሚል አስተያየት ቢነሳ፣ ጃፓኖች ራሳቸው ዋካሳጊ የተባለውን ትንሽ የሐይቅ ዓሣ በዚሁ መንገድ እንደሚጠብሱ ማስታወስ ይበቃል። ለሰሜን ወሎ ቅርብ ከሆኑት የዓሣ ምንጮች አንዱ በደቡብ ወሎ፣ በተሁለደሬ ወረዳ የሚገኘው የሐይቅ ከተማ ሐይቅ ሲሆን፣ ከዚያ የሚነሣው መንገድ በውጫሌና በውርጌሳ በኩል የሀብሩ ወረዳ ዋና ከተማ ወደሆነችው መርሳ፣ ከዚያም ወደ ወልድያ ይዘልቃል። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጨረሻ ወደዚህ ሐይቅ የተጨመረው ቆሮሶ የተባለ ዓሣ ሥጋው ነጭና ስቡ ያነሰ በመሆኑ ለቴምፑራ ከአምባዛ ይልቅ ይስማማል። ከአትክልት ስኳር ድንች፣ ካሮት፣ ዱባ፣ ቃሪያ፣ ፎሶሊያና ሽንኩርት ጥሩ ናቸው፤ ቲማቲም ግን ውሃው ስለሚበዛ ሊጡን ያላላል። ክርስቲያኑና ሙስሊሙ ተጎራብተው በሚኖሩበት፣ አንዱ የሌላውን እርድ በማይበላበት በወሎ፣ ዓሣም አትክልትም ባራኪ አያስፈልጋቸውምና ቴምፑራ ሁለቱም ጎረቤት ከአንድ ሰሃን የሚበላው ምግብ መሆን ይችላል።

ከሁሉ በላይ ሊታረም የሚገባው የተሳሳተ እምነት፣ ጥሩ ሊጥ ማለት ጓጓላው እስኪጠፋ የታሸ ወይም የተማሰለ ሊጥ ነው የሚለው ነው። ይህ እምነት ለእንጀራና ለድፎ ዳቦ ትክክል ስለሆነ የባለሙያ እጅ ሳያስበው ይከተለዋል፤ ለቴምፑራ ግን ጥፋት ነው። የስንዴ ዱቄት ከውሃ ጋር ተገናኝቶ ሲታሽ ፕሮቲኖቹ እርስ በርስ ተያይዘው ግሉተን የተባለውን የሚለጠጥ መረብ ይሠራሉ፤ ይህ መረብ በዳቦ ውስጥ አየርን አፍኖ ሊጡን ስለሚያስነሣ ይወደዳል። በቴምፑራ ውስጥ የሚፈለገው ግን ተቃራኒው ነው፦ በሊጡ ያለው ውሃ በዘይቱ ሙቀት ወዲያው ተንኖ ማምለጥና በየወጣበት ቀዳዳ ትቶ ቀጭን፣ ተሰባሪ፣ የሚንኮሻኮሽ ቅርፊት መተው አለበት። ግሉተን ከበዛ ውሃው ይታፈናል፣ ቅርፊቱ ይወፍራል፤ ምግቡም ከመጥበሻው በወጣ በጥቂት ደቂቃ ውስጥ እንደ ጎማ ይለጠጣል። ስለዚህ አንድ የዕንቁላል አስኳል በአንድ ኩባያ በጣም በቀዘቀዘ ውሃ ከተመታ በኋላ አንድ ኩባያ ዱቄት በአንድ ጊዜ ይጨመርበታል፤ በሹካ ወይም በሁለት እንጨት ጥቂት ጊዜ ብቻ ይነካካል፤ ጓጓላውና ደረቅ ዱቄቱ በዓይን እየታየም ይተዋል። ቅዝቃዜው የግሉተኑን መያያዝ ስለሚያዘገይ ውሃው ለብ ካለ ጥንቃቄው ሁሉ ከንቱ ይሆናል። ሊጡ አይቆይም፣ አያድርም፤ ዘይቱ ከጋለ በኋላ በትንሽ በትንሹ ይበጠበጣል፣ ሲያልቅም አዲስ ይሠራል።

በገበያ የሚገኘው የፉርኖ ዱቄት ለዳቦ የሚስማማና ግሉተኑ የማያንስ ስለሆነ፣ ሩቡን በሩዝ ዱቄት መተካት ይጠቅማል፤ ለዚህም በዚያው በአማራ ክልል የሚመረተው የፎገራ ሩዝ ተፈጭቶ ያገለግላል። ነጭ ጤፍም ግሉተን ስለሌለው የሊጡን መለጠጥ ይቀንሳል፣ መልኩን ግን ያጠቁረዋል። በጾም ወቅት ዕንቁላሉ ይቀርና በውሃው ፋንታ የቀዘቀዘ፣ በዚያው ሰዓት የተከፈተ የአምቦ ውሃ ይገባል፤ ጋዙ ሊጡን ያቀለዋል። ዓሣን በጾም የማይበላ ቤተሰብም በአትክልቱ ብቻ የተሟላ ገበታ ያገኛል።

ሁለተኛው ትኩረት የሚሻ ጉዳይ ሙቀት ነው። የጃፓን መመሪያዎች ለአትክልት 160 እስከ 170፣ ለዓሣ 180 ዲግሪ ሴልሺየስ ገደማ ያዛሉ። ወልድያ ግን ከባሕር ወለል በላይ 2,000 ሜትር አካባቢ ላይ ያለች ከተማ በመሆኗ ውሃ በዚያ በ93 ዲግሪ ገደማ ይፈላል፤ የሚጠበሰው ነገር ውስጡ በዝግታ ስለሚበስል ውጩ ቀድሞ ሊያር ይችላል፤ ስለዚህ ዘይቱን በ10 ዲግሪ ያህል ዝቅ አድርጎ ጊዜውን ትንሽ ማስረዘም ይበጃል። ቴርሞሜትር በሌለበት የሊጥ ጠብታ ይመሰክራል፦ እስከ ታች ሰምጣ ቀስ ብላ ከተነሣች ዘይቱ አልደረሰም፤ እስከ መካከል ወርዳ ፈጥና ከተነሣች ደርሷል፤ ሳትሰምጥ ላዩ ላይ ከተበታተነች ከመጠን በላይ ግሏል። በከሰል ለሚጠብስ ሰው ሙቀትን የሚይዝ ወፍራም ብረት ድስት ከስስ መጥበሻ ይሻላል።

የቀረው ሥራ አጭር ነው። ዓሣውም አትክልቱም በጨርቅ ይደርቃል፣ ደረቅ ዱቄት ይነሰነስበታል፣ በሊጡ ተነክሮ መጀመሪያ አትክልቱ፣ ቀጥሎ ዓሣው ይጠበሳል። ድስቱን ከግማሽ በላይ የሚሞላ ሰው ዘይቱን አቀዝቅዞ ምግቡን በዘይት ይዘፍቀዋል፤ የተራረፈውን የሊጥ ፍርፋሪ በጭልፋ የማያወጣ ሰው ደግሞ ቀጣዩን ሁሉ የአረር ሽታ ያስይዘዋል። የጠቆረ ዘይትን ደጋግሞ መጠቀም ከቸልተኝነትም በላይ ምግቡን መናቅ ነው።

ጃፓኖች ቴምፑራን ሶያ ሶስና ሚሪን የተባለ ጣፋጭ የሩዝ መጠጥ በሚገቡበት ማጥቀሻ ይበሉታል፤ ሚሪን አልኮል ስላለው በብዙ የወሎ ቤት አይገባም፣ ነገር ግን ጨው ብቻ ነስንሶ መብላት በጃፓንም የተከበረ ልማድ ነው፤ ሎሚና ጥቂት ሚጥሚጣ ከዚህ ጋር ይስማማሉ። ቴምፑራ ዝም ብሎ ቅባታም ምግብ ነው ብለው የሚንቁት ብዙዎች የቀመሱት አስቀድሞ ተጠብሶ፣ በሰሃን ተቆልሎና ክዳን ተደፍቶበት የላመውን ነው። ቡና እንግዳው ፊት ተቆልቶ በሚፈላበት አገር ይህን ማረም ከባድ አይደለም፦ እንግዶቹ ይቀመጡ፣ ሊጡ ከዚያ በኋላ ይበጠበጥ፣ የወጣውም ሌላው እስኪደርስ ሳይጠበቅ ወዲያው ይበላ።