«ፍላሽ ይጫኑ» ካለዎት እንዳይጭኑ

በቅርቡ አንድ የቆየ ወዳጄ ከስዊድን ደወለልኝ። አባቱ ከማረፋቸው በፊት ለአንድ የኮሚዩኒቲ ሬዲዮ የሰጡት ቃለ ምልልስ እ.ኤ.አ. በ2006 ኢንተርኔት ላይ ወጥቶ ነበር። ገጹን ፈልጎ አገኘው። ርዕሱም፣ የአባቱም ፎቶ አለ፤ ድምፁ በሚከፈትበት ቦታ ግን ባዶ ግራጫ ሳጥን ብቻ ተቀምጧል። «ፍላሽ ከየት ላውርድ? ስፈልግ አሥር ቦታ አገኘሁ» አለኝ። «ከአንዱም እንዳታወርድ!» አልኩት።

እንደሚታወቀው በዚያን ዘመን ቪዲዮውም፣ ድምፁም፣ የልጆች ጨዋታውም በፍላሽ ነበር የሚከፈተው። ባለቤቱ አዶቤ ሊያቆመው መሆኑን በጁላይ 2017 አስታውቆ፣ ዲሴምበር 31 ቀን 2020 ድጋፉን አቋረጠ። ከጃንዋሪ 12 ቀን 2021 ጀምሮ ደግሞ ፕሮግራሙ ራሱ እንዳይሠራ ተደረገ። ፍላሽ ዕድሜውን ሙሉ ቀዳዳ የማያጣው ፕሮግራም ነበር፤ ዛሬ ቀዳዳውን የሚደፍንለትም የለም። አዶቤ ለተራ ተጠቃሚ የሚያድለው ፍላሽ ስለሌለ፣ «ፍላሽዎን ያድሱ» የሚል መልእክት ካዩ ላኪው ሌላ ሰው ነው።

ይህን የምለው ለማስፈራራት አይደለም፤ በእኛው ላይ የደረሰ ነው። በቶሮንቶ ዩኒቨርሲቲ የሚገኘው ሲቲዝን ላብ በዲሴምበር 2017 ባወጣው ጥናት፣ ከ2016 ጀምሮ በውጭ የሚኖሩ የኢትዮጵያ መንግሥት ተቃዋሚዎች በኢሜይል ሊንክ ይላክላቸው እንደነበር ገልጿል። ከዒላማዎቹ አንዱ በወቅቱ የኦሮሚያ ሚዲያ ኔትወርክ ኃላፊ የነበረው ጃዋር መሐመድ ነው። ሊንኩ የሚከፍተው የታወቀ የኤርትራውያን ቪዲዮ ገጽ የሚመስል የሐሰት ገጽ ሲሆን፣ ቪዲዮውን ለማየት መጀመሪያ ፍላሽ አድሱ ይላል። ያን የጫነ ሰው የእስራኤሉ ሳይበርቢት ኩባንያ የሠራውን የስለላ ፕሮግራም በገዛ እጁ ኮምፒዩተሩ ውስጥ አስገባ ማለት ነው። ተንኮሉ የሠራው ያኔ እውነተኛ የፍላሽ ማሻሻያም በየጊዜው ይመጣ ስለነበር ነው። ሰው ለምዶታል፤ ሳያነብ «እሺ» ይላል። ዛሬ በዚህ በኩል እንኳ ቀሎልናል፤ እውነተኛ ስለሌለ ማመሳከር አያስፈልግም።

ታዲያ የድሮው ነገር ጠፍቶ ይቅር? አይቅር። ረፍል የሚባል ነጻ ፕሮግራም አለ። የሞተውን ፍላሽ አያስነሣም፤ ሥራውን ራሱ ተክቶ፣ በብራውዘሩ አጥር ውስጥ ተወስኖ ይሠራል። ኢንተርኔት አርካይቭ ከኖቬምበር 2020 ጀምሮ ያሰባሰባቸውን የፍላሽ ሥራዎች በዚሁ ያሳያል፤ እዚያ ለማየት ምንም መጫን አያስፈልግም። በራስዎ ብራውዘር ላይ ከፈለጉት ከፕሮግራሙ ከራሱ ገጽ ወይም ከብራውዘርዎ የታወቀ መደብር ብቻ ይውሰዱት። ቆየት ያሉት ሥራዎች ደህና ይከፈታሉ፤ ከ2006 ወዲህ ያሉት ግን አንዳንዴ ይንገዳገዳሉ። በሪል ፕሌየር የተቀዳ ፋይል በእጅዎ ካለ ቪኤልሲ ብዙውን ጊዜ ይከፍተዋል።

በነገራችን ላይ አንዳንድ የድሮ የአማርኛ ገጾች ሲከፈቱ የተዘበራረቀ የላቲን ምልክት ብቻ ያሳያሉ። ይህ ቫይረስ አይደለም። ፊደላችን ዩኒኮድ ውስጥ የገባው በ1999 ነው፤ ከዚያ በፊትና ከዚያም በኋላ ለተወሰነ ጊዜ እያንዳንዱ የግእዝ ሶፍትዌር ፊደሎቹን በላቲን ፊደል ቦታ ላይ ያስቀምጥ ነበር። ጽሑፉ አልጠፋም፤ የጎደለው ፎንቱ ነው። ፎንት እሰጣለሁ ብሎ የሚጫን ፕሮግራም ከሚያወርድልዎ ከማያውቁት ገጽ ግን ይራቁ።

ወደ ወዳጄ ልመለስ። እንደ እሱ ባለው ገጽ ላይ ፍላሹ ብዙ ጊዜ ቅርፊት ብቻ ነው፤ ድምፁ ተራ ኤምፒ3 ሆኖ ለብቻው ተቀምጧል። ገጹ ላይ በቀኝ ክሊክ ምንጩን እንዲከፍትና ኤምፒ3 የሚለውን ቃል እንዲፈልግ ነገርኩት። አድራሻው ተገኘ፤ ፋይሉ ግን ከቦታው ተነሥቷል። ያንኑ አድራሻ ገልብጦ ኢንተርኔት አርካይቭ ላይ ሲያስገባው በ2008 የተቀመጠ ቅጂ ወጣ። ሠላሳ ስምንት ደቂቃ ነው። በዚያው ሌሊት አዲስ አበባ ላሉት እኅቶቹ ላከላቸው።