ላፕቶፑ ወደ አገር ቤት ከመላኩ በፊት

ማይክሮሶፍት ለዊንዶውስ 10 ይሰጥ የነበረውን መደበኛ ድጋፍ ኦክቶበር 14 ቀን 2025 አቆመ። ዊንዶውስ 11 ቲፒኤም 2.0 የተባለውን የደህንነት ቺፕ እና አዲስ ፕሮሰሰር ስለሚጠይቅ፣ አካላቸው ገና ጤነኛ የሆነ ብዙ ላፕቶፖች ለመጣል ተዳርገዋል። በሚኒያፖሊስና በሴንት ፖል ግን አሮጌ ኮምፒውተር ጠያቂ አለው። የሚኒሶታ የመጠገን መብት ሕግ ከጁላይ 1 ቀን 2024 ጀምሮ ይሠራል። ፒሲስ ፎር ፒፕል የተባለው የሴንት ፖል ድርጅት ያገለገሉ ማሽኖችን አድሶ ዝቅተኛ ገቢ ላላቸው ቤተሰቦች ያደርሳል። ሄነፒን ካውንቲም ነዋሪው የተበላሸ ዕቃውን ከበጎ ፈቃደኞች ጋር የሚጠግንበት መድረክ ያዘጋጃል።

አገር ቤት ላለ ዘመድ በሚላክ እንዲህ ያለ ላፕቶፕ ላይ ዊንዶውስን ሳያጠፉ ሊኑክስን ጎን ለጎን መጫን ይቻላል። ሁለቱን የሚያስተናግደው ቡትሎደር ነው፤ ማሽኑ ሲበራ ቀድሞ ተነሥቶ ስርዓተ ክወናውን የሚጠራ ትንሽ ፕሮግራም። በአሮጌው የማስነሻ ዘዴ፣ በባዮስ፣ ቦታው የዲስኩ የመጀመሪያ 512 ባይት ሲሆን፣ ለማስነሻው ኮድ የሚተርፈው 446 ብቻ ነው። ስፍራው አንድ በመሆኑ ኋላ የተጫነው የፊቱን ይደመስሳል። ዊንዶውስንም የሚጠራው የሊኑክሱ ስለሆነ ዊንዶውስ ይቅደም፣ ሊኑክስ ይከተል ይባላል። በአዲሱ ዘዴ፣ በዩኢኤፍአይ፣ ግን ለማስነሻ የተለየ ፓርቲሽን ስላለ የሁለቱም ቡትሎደሮች በየፎልደራቸው ተቀምጠው ይኖራሉ።

ኡቡንቱና ሚንት ሲጫኑ ግራብ የተባለውን ቡትሎደር ራሳቸው ያስገባሉ። ግራብቱዊን ይህንኑ ከዊንዶውስ ውስጥ ሆኖ ይሠራል። የመጫኛ ፍላሽ ለማዘጋጀት ሩፈስ ታዋቂ ነው፤ በተለመደው አሠራሩ ግን አንድ ፍላሽ ላይ አንድ ስርዓት ብቻ ይጽፋል። በ2020 የወጣው ቬንቶይ አንድ ጊዜ ፍላሹ ላይ ከተጫነ በኋላ የስርዓቶቹን መጫኛ (አይኤስኦ) ፋይሎች እንደ ማንኛውም ፋይል መገልበጥ ይበቃል፤ ሲነሣ ሁሉንም ይዘረዝራል። ኢንተርኔት ውድና ቀርፋፋ ወደሆነበት ቦታ ለሚጓዝ ሰው ከእነዚህ ሁሉ እሱን እመርጣለሁ። በሚኒያፖሊስ ፈጣን መስመር የወረደ በርካታ ጊጋባይት ጎንደር ላይ እንደገና መውረድ የለበትም።

ብዙ ጊዜ ሥራው የሚበላሸው ፍላሹ በባዮስ ዘዴ ተነሥቶ ዊንዶውሱ በዩኢኤፍአይ የተጫነ ሲሆን ነው፤ ያኔ ሁለቱ በአንድ ዝርዝር ውስጥ አይገናኙም። ስለዚህ ከመጀመር በፊት ማሽኑ በየትኛው እንደሚነሣ ማየት፣ ፋይሎችንም ወደ ሌላ ዲስክ መገልበጥ ግድ ነው። ከተጫነ በኋላም ስጋቱ አያበቃም፤ በኦገስት 2024 የወጣ የዊንዶውስ ማሻሻያ በአንዳንድ ማሽኖች ላይ ሊኑክስ እንዳይነሣ አግዶ ነበር።

እኔን ከሁሉ የሚያሳስበኝ ዲስኩን የሚቆልፈው የዊንዶውስ ቢትሎከር ነው። የማስነሻው ሁኔታ ሲለወጥ 48 አሃዝ ያለው የመክፈቻ ቁጥር ሊጠይቅ ይችላል፤ ቁጥሩ ደግሞ ብዙውን ጊዜ የሚገኘው በቀድሞው ባለቤት የማይክሮሶፍት አካውንት ውስጥ ነው። አጎት ሚኒሶታ፣ ላፕቶፑ ባሕር ዳር ከሆኑ የተላከለት ተማሪ ሌሊት ስልክ ሲደውል ያድራል። ላኪው ቢትሎከርን አጥፍቶ ወይም ቁጥሩን በወረቀት ጽፎ አብሮ ይላክ።