ግጥምና ዜማ፦ ሕዝብ

የጥር ሌሊት በአምባ ጊዮርጊስ አጥንት ይሰብራል። ከጎንደር ወደ ደባርቅ የሚወጣው መንገድ ወገራን ሲያቋርጥ ከፍታው ወደ 3,000 ሜትር ይጠጋል፤ አገሩ የገብስና የባቄላ አገር ነው። ልጅ ሳለን ሠርግ ቤት ስንሄድ ሽማግሌዎቹ እሳቱን ይከባሉ፣ እኛ ደግሞ አዝማሪውን። ማሲንቆውን እየገዘገዘ በዳሱ ውስጥ ይዞራል፤ ከእያንዳንዱ እንግዳ ፊት ሲደርስ ጎንበስ ይልና ቀስ ብሎ ይጠይቃል፦ "ጌታዬ፣ ስምዎን ማን ልበል?" ይነግሩታል። ያን ስም ከአባትየው፣ ከአገሩ፣ ከበሬውና ከጠመንጃው ጋር ቤት አስመትቶ ይመልስላቸዋል። ብር ከግንባሩ ላይ ይለጠፋል፤ ሴቶቹ እልል ይላሉ።

እንዲህ የሰውን ስም ሲያነሣ ያድርና ሲነጋ ማሲንቆውን በነጠላ ጠቅልሎ መንገድ ይጀምራል። ከእነዚያ ሁሉ ሠርጎች የአንድም አዝማሪ ስም ይዤ አልወጣሁም። "አንተስ ስምህ ማን ነው?" ብሎ የጠየቀ ሰውም ትዝ አይለኝም።

ጎልምሼ በካሴት ሽፋን ላይ ያሉትን ጥቃቅን ጽሑፎች ማንበብ ስጀምር የዚያ ዝምታ ውጤት ምን እንደሆነ ገባኝ። የድምፃዊው ስም አለ፤ ያቀናበረው፣ የቀረጸው፣ ያሳተመው፣ ያከፋፈለው ሁሉ አለ። ከባህል ዘፈኖቹ ጎን ደግሞ ብዙ ጊዜ እንዲህ ተጽፏል፦ ግጥምና ዜማ፣ ሕዝብ። ሕዝብ ግን አይገጥምም። አንድ ሌሊት፣ አንድ ዳስ ውስጥ፣ አንድ ሰው አፉን ከፍቶ ያችን ስንኝ ለመጀመሪያ ጊዜ ብሏታል። ማን ነበር?

መልሱን ለመፈለግ ዘፈኑ እንዴት እንደሚሠራ ማየት ያስፈልጋል። "ተቀበል!" ይላል ከተቀመጡት አንዱ፤ አዝማሪዋ ሴት ከሆነች "ተቀበይ!" ይላታል። የዘፈኑ አሠራር ሁሉ በዚች ቃል ውስጥ አለ። ግጥሙን የሚሰጠው እንግዳው ነው። አዝማሪው የሚሰማው አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ እጁ ደጋኑን አያቆምም፣ ምቱም አይሰበርም፣ ጆሮውን ግን ለሰጪው ሰጥቷል። ከዚያ ስንኙን በዜማው ልክ አድርጎ ያወጣዋል። ሰጪው ቃል ገድፎ ከሆነ ይሞላለታል፤ አስረዝሞ ከሆነ ይከረክምለታል፤ ቤቱ አልመታ ብሎ ከሆነ ያስመታለታል። ጠላው ያናገረው ክፉ ቃልም ከሆነ አለስልሶ ያልፈዋል፤ አለዚያ ሠርጉ ወደ ጠብ ይዞራል። ይህ ሁሉ የሚያልቀው ትንፋሽ በሚወሰድበት ጊዜ ውስጥ ነው። ሰጪው ያን የተጣራ ስንኝ መልሶ ሲሰማ እንዳለ የራሱ ይመስለዋል።

አዝማሪው የመጀመሪያውን ስንኝ ሁለቴ ሦስቴ የሚመላልሰው ለጌጥ ብቻ አይደለም። በዚያ መሐል ሁለተኛውን እየገጠመ ነው። አዝማቹም፣ ማሲንቆው ለብቻው የሚያለቅስባት ክፍተትም የማሰቢያ ጊዜ ናት። መሣሪያው ራሱ ለዚህ ሥራ የተመቸ ነው፤ ክሩ አንድ ነው፣ ከፈረስ ጭራ የተገመደ። ደጋኑም የፈረስ ጭራ ነው፤ እንዳያዳልጥ ዕጣን ይታሻል። ሳጥኑ በቆዳ ተለብጦ በማዕዘኑ ይቆማል። አንድ ክር ብቻ ስላለው ከዘፋኙ ድምፅ ጋር እኩል ይሄዳል፤ ቃል ሲጠፋ ማሲንቆው ይናገራል፣ ቃል ሲመጣ ዝቅ ይላል።

በሠርግ ቤት ብዙ ጊዜ የሚሰማው ልክ የወል ቤት የሚባለው ነው፦ አንዱ ስንኝ 12 ቀለም፣ መሐሉ ላይ ተቆርጦ ስድስት ስድስት። ከማንም ስንኝ ላለመዋስ፣ እኔው የአገሬን ደጋ አስቤ የገጠምኩትን ለማሳያ ላቅርብ፦

ደጋ ነው አገሬ ገብስና ባቄላ፣
ልቤን ምን ወሰደው ያንቺ መንደር ቆላ።

ሰሙ ቀላል ነው። የደጋ ሰው ልቡ ቆላ ወርዶበት "እዚያ ምን ወሰደው?" ይላል። ዘፋኙ "ምን ወሰደው" የምትለውን ለብቻዋ ቆርጦ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ሲያሳልፋትና "ቆላ"ን ሲረግጣት ግን ነገሩ ይለወጣል፤ ያንቺ መንደር ልቤን ቆላው፣ እንደ ገብስ በምጣድ ላይ አገላበጠው ማለት ይሆናል። ልዩነቱን የሚፈጥረው ከወረቀቱ ይልቅ አዘፋፈኑ ነው። ስለዚህ የስንኙ ሰጪ ሰሙን ይዞ መጥቶ ወርቁን ያወጣለት አዝማሪው ሊሆን ይችላል። ወርቁን መጀመሪያ የሰማው ደግሞ ከዳሱ ጥግ የተቀመጠች አንዲት ሴት ልትሆን ትችላለች፤ እሷ እልል ስትል ነው ሌላው የሚነቃው። ታዲያ ደራሲው ማን ነው? ሁለቱም ናቸው፤ ሦስትም ሊሆኑ ይችላሉ። "ሕዝብ" ግን አይደሉም። ስም ያላቸው ሰዎች ናቸው።

ሥራው በጋራ ስለሆነ ስም መጻፍ አይቻልም የሚል ካለ፣ ከሩቅ አገር አንድ ምሳሌ ልጥቀስ። ትራጂካሊ ሂፕ የሚባል የካናዳ የሮክ ባንድ እ.ኤ.አ. በ1992 "ዊት ኪንግስ" የሚል ዘፈን አወጣ። ዘፈኑ ሳስካቱን በምትባል ከተማ ባልሠራው የግድያ ወንጀል ተፈርዶበት ወደ 23 ዓመት ገደማ ታስሮ በዚያው ዓመት የተፈታውን የዴቪድ ሚልጋርድን ታሪክ የሚነካ ነው። አነካኩ ቀጥተኛ አይደለም፤ ስንዴው፣ ሜዳው፣ የወፏ ድምፅ ይቀድማል። የካናዳ ሰው ከ30 ዓመት በላይ ትርጉሙን እየቆፈረ ኖሯል፤ እኛ ሰምና ወርቅ የምንለውን ነው የሚፈልገው። ግጥሞቹን ይጽፍ የነበረው ድምፃዊው ጎርድ ዳውኒ ነው፤ በሥራዎቹ ላይ ግን አምስቱም የባንዱ አባላት በጋራ ተመዝግበዋል። የጋራ ሥራ መሆኑ ስም አላሳጣቸውም። ዳውኒ በሕመም ላይ ሳለ እ.ኤ.አ. ነሐሴ 2016 የመጨረሻ ኮንሰርታቸውን ሲያቀርቡ የአገሪቱ ብሔራዊ ቴሌቪዥን በቀጥታ አስተላለፈው፤ አገሩም ቁጭ ብሎ አየው። የእኛም ሰው ዘፋኝ ሲሞት ያለቅሳል። በካናዳ የሚያስቀናኝ ስንኙ ከማን አፍ እንደወጣ መታወቁ ነው።

አዝማሪ የሚለው ስም ራሱ በአመጣጡ የክብር ስም ነበር። ከግእዙ "ዘመረ" የወጣ ነው፤ መዝሙርም፣ ዝማሬም፣ መዘምርም ከዚያው ሥር የበቀሉ ናቸው። አንዱ ቅርንጫፍ ቤተ ክርስቲያን ገባ፤ ዙር አምባ የዝማሬ መዋሥዕት ማስመስከሪያ ሆነች፣ ጎንደር በአታ ለማርያም የአቋቋም። እዚያ የአንድ መምህር ትምህርት ከማን እንደተቀበለው፣ የዚያኛውም ከማን እንደሆነ እስከ ላይ ድረስ በስም ይቆጠራል። ሌላው ቅርንጫፍ ገበያና ሠርግ ቤት ቀረ። እዚያም ልጅ ከአባቱ፣ ከአጎቱ ሥር ሆኖ ይማራል፤ ከጎንደር ከተማ ብዙም የማይርቀው ቡርባክስ በትውልድ አዝማሪ የሆኑ ቤተሰቦች የሚኖሩበት መንደር ነው፤ አዝማሪዎች እርስ በርሳቸው ብቻ የሚግባቡበት ቋንቋም አላቸው። ሙያው ሙያ ነው፣ ትምህርቱም ትምህርት። የእነሱ የመምህራን ሐረግ ግን እንዲህ በስም ሲቆጠር አልሰማሁም። "አዝማሪ" ብሎ መጥራትም ስድብ ሆነ፤ ልጅ መዳር የሚያስከለክል፣ "የባህል ድምፃዊ" በሚል ስም የሚሸሹት ስድብ። በዘፈኑ ለመጨፈር የተሽቀዳደምን ሰዎች በዘፋኙ ማፈራችን በደል ነው። በደሉም የሩቅ ዘመን ሳይሆን የእኛው ነው።

ጠላት እንኳ ከእኛ ይልቅ አክብዷቸዋል። ከየካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ጭፍጨፋ በኋላ የጣሊያን ወራሪዎች ገዥ ግራዚያኒ ጠንቋዮችንና ባሕታውያንን ከዘዋሪ አዝማሪዎች ጋር እየያዙ እንዲረሽኑ አዝዟል። ጋዜጣ ብዙ በማይደርስበት አገር ወሬ የሚዞረው በማን አፍ እንደሆነ ገብቶት ነበር። አንድ ባለ ማሲንቆ ከገበያ ገበያ ሲሄድ ምን እንደሚሸከም ግራዚያኒ ያውቅ ነበር፤ የሰሙን ትርጉም ሰምቶ ዝም ቢል ወርቁ እንደሚያልፈው ሠግቷል። ስንት አዝማሪ በዚያ ትእዛዝ እንደወደቀ ሳስብ የሚከነክነኝ ስማቸውን አንሥቼ ነፍስ ይማር ማለት አለመቻሌ ነው።

ስም የተረፈው አንድ ሰው ቆም ብሎ በጻፈበት ቦታ ነው። ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ በምኒልክ ዘመን ጀርመን ተልከው፣ በ1900 ዓ.ም. ገደማ ድምፃቸው በሸክላ ተቀረጸ፤ ከመጀመሪያዎቹ የኢትዮጵያ ሙዚቃ ቅጂዎች ይቆጠራል። ሸክላው ላይ ስማቸው ስለተጻፈ ዛሬም በስማቸው እንጠራቸዋለን። እ.ኤ.አ. በ1932 ደግሞ ፈረንሳዊው ሚሼል ሌሪስ ከግሪዮል የጥናት ቡድን ጋር ጎንደር መጥቶ ወራት ሲቀመጥ፣ በአባ ጀሮም ገብረ ሙሴ እየተረዳ በዛር ቤት የሚባለውን ይጽፍ ነበር። መልካም አየሁ የምትባለው የጎንደር ባለ ዛር በመጻሕፍቱ ውስጥ በስሟ አለች። ያ ቡድን ከአባ እንጦንስ ቤተ ክርስቲያን ሥዕል ነቅሎ ፓሪስ ወስዷል፤ ሥዕሉ አሁንም እዚያው ነው። በዚያ አዝናለሁ። ከዚያው ጎን ግን ያንድ ጎንደሬ ሴት ስም በደብተሩ መጻፉን አልክድም። በዚያን ጊዜ በከተማው ማሲንቆ የሚመቱትን በስም የመዘገበ የእኛ ሰው ማን ነው?

ሕጉስ ምን ይላል? የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለደራሲ ጥበቃ የሚሰጠው ሥራው ወጥና ግዘፍ ያገኘ ሲሆን ነው፤ ይኸውም የተጻፈ፣ የተቀረጸ፣ በአንድ ነገር ላይ ያረፈ ማለት ነው። ጥበቃው ደራሲው በሕይወት ባለበት ዘመንና ከሞተ በኋላም 50 ዓመት ይዘልቃል። የተቀበል ግጥም ደግሞ በባሕርይው አየር ላይ ነው። ዳሱ ውስጥ ተወልዶ፣ ተጨብጭቦለት ያልፋል። ቀድሞ የቀረጸው ሰው ግዘፍ ይሰጠዋል፤ ትናንት ባለ ካሴቱ ነበር፣ ዛሬ ባለ ስልኩ ነው። አዋጁ ለከዋኝም መብት አለው፤ በ2007 ዓ.ም. በወጣው ማሻሻያ የሮያሊቲ መሰብሰቢያ መንገድም ተበጅቷል። ነገር ግን ስሙ ያልታወቀ ከዋኝ መብቱን በምን ስም ይጠይቃል? ሕጉ በር ሠርቷል፤ በሩ ላይ የሚጠየቀው የመጀመሪያ ነገር ግን ስም ነው።

ከዚህ የዳስ ውስጥ ቅኔ ምን እንደሚወጣ ለማወቅ የጌታቸው መኩሪያን ሳክስፎን መስማት ይበቃል። ሽለላንና ፉከራን ከጎራዴና ከጋሻ አውጥቶ ወደ ሳክስፎን አገባው። ከብዙ ዓመት በኋላ ዘ ኤክስ የሚባለው የኔዘርላንድ የፓንክ ሮክ ባንድ ያን ድምፅ ሰምቶ አብሮት ሠራ፤ "ሞአ አንበሳ" የተሰኘው አልበማቸው እ.ኤ.አ. በ2006 ወጣ። ከአውሮፓ የሮክ መድረክ ላይ ወጣቶች በሽለላ ሲዘሉ፣ ከሥሩ ያለው የደጋ ጀግናና የአዝማሪ ትንፋሽ ነው። ዜማው ዓለም ዞሯል። መጀመሪያ ያወጣው ሰው ግን "ሕዝብ" ሆኖ ቀርቷል።

ሥራው ትልቅ ተቋም እስኪቋቋም የሚጠብቅ አይመስለኝም። የያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤት ማሲንቆን ያስተምራል፤ ያ ጥሩ ነው፣ ግን የቡርባክስ ሽማግሌ አዲስ አበባ አይመጣም። የጎንደር ዩኒቨርሲቲ በደጁ ነው። ተማሪዎቹ አንድ ክረምት ወጥተው የአዝማሪ ቤተሰቦችን ሐረግ፣ ማን ከማን እንደተማረ፣ የትኛው ስንኝ በየትኛው ሠርግ እንደተሰጠ ቢመዘግቡ ጥሩ መነሻ መዝገብ ይሆናል። ኢትዮጵያ እስከ 2016 ዓ.ም. ድረስ በዩኔስኮ ካስመዘገበቻቸው የማይዳሰሱ ቅርሶች መካከል መስቀል፣ ፍቼ ጨምበላላ፣ ገዳ፣ ጥምቀትና ሹዋሊድ አሉ፤ የአዝማሪ ጥበብ የለበትም። መዝገብ ሳይኖር ደግሞ ማስመዝገብ አይቻልም።

የቀረው የእኛ የታዳሚዎች ድርሻ ነው። ዘንድሮም ጥር ይመጣል፤ ዳስ ይጣላል፤ አዝማሪው ፊታችሁ ቆሞ ስማችሁን ይጠይቃችኋል። ንገሩት። ከዚያ እናንተም ጠይቁት። ስልካችሁን አውጥታችሁ መቅረጽ ስትጀምሩ ከመጀመሪያው ስንኝ በፊት ስሙን፣ የአባቱን ስም፣ ያስተማረውን ሰው፣ አገሩንና ቀኑን በራሱ አንደበት ያስቀርጽ፤ "ተቀበል" ያለውም ሰው ስሙን ይናገር።