ፊልም ምስክር ሲሆን

ፊልም ሁሉ ለጊዜ ማሳለፊያ ብቻ የሚሠራ አይደለም። ዘጋቢ ፊልም የሚባለው ነገሩ የደረሰበትን ሰው፥ ቦታውንና ማስረጃውን ይዞ እውነትን የሚያስረዳ ነው። ነገር ግን ጉዳዩ ሰው የሚከራከርበት ሲሆን፥ ሠሪው ከድካም በላይ ድፍረት ያስፈልገዋል። ለዚህ ጥሩ ምሳሌ የሚሆኑን ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ናቸው።

ፕሮፌሰር ኃይሌ በ1938 ዓ.ም. በጎንደር ተወለዱ። አባታቸው ገሪማ ታፈረ ቴአትር ይደርሱ ነበር። እርሳቸውም እ.ኤ.አ. በ1967 ወደ አሜሪካ ሄደው በመጀመሪያ ቴአትር፥ ኋላም በሎስ አንጀለስ ፊልም ተማሩ፤ ከ1975 ጀምሮም በዋሽንግተን በሀዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለብዙ ዓመታት አስተማሩ።

በዚያው ዘመን በአሜሪካ በዊልሚንግተን ከተማ 10 ሰዎች፥ 9ኙ ጥቁሮች አንዲቱ ነጭ፥ በ1971 በተነሣው ሁከት ሱቅ አቃጥላችኋል ተብለው በድምሩ 282 ዓመት እስራት ተፈርዶባቸው ነበር። ፕሮፌሰር ኃይሌ ፍርዱ ገና ሳይሻር ስለ እነርሱ ዘጋቢ ፊልም ሠሩ። ፍርዱን የይግባኝ ፍርድ ቤት በ1980 ሻረው፤ የአገረ ገዢው ምሕረት ግን እስከ 2012 ዘገየ፤ በዚያን ጊዜ ከ10ሩ አንዳንዶቹ ሞተው ነበር። እንግዲህ የምስክርነት ዋጋው ሁሉም ከተስማማ በኋላ ሳይሆን አስቀድሞ በመናገሩ ነው።

እንዲህ ያለው ሥራ ገበያ አይወደውም። ስለ ባሪያ ንግድ የሠሩትን «ሳንኮፋ» የተባለውን የ1993 ፊልም አከፋፋዮች አንቀበልም ባሉ ጊዜ፥ አዳራሽ እየተከራዩ ራሳቸው አሳዩት።

በ1999 ደግሞ ስለ ዐድዋ ድል በሠሩት ዘጋቢ ፊልም ከአባቶች የተወረሰውን ቃል፥ ዘፈኑንና ሥዕሉን ሰብስበው ለትውልድ አስቀመጡ።

ይህ ነገር ከሰፈራችን የራቀ አይደለም። «ሜክሲኮ! ሜክሲኮ!» ሲል የታክሲ ረዳት በየቀኑ እንሰማለን። አደባባዩ ግን ይህን ስም ያገኘው የሜክሲኮ መንግሥት ፋሺስት ኢጣልያ ኢትዮጵያን መያዟን አልቀበልም ስላለ፥ ውለታው እንዲታሰብ ነው። ታሪኩን የሚነግር ሲጠፋ፥ ስሙ የታክሲ መሳፈሪያ ብቻ ሆኖ ይቀራል።

ስለዚህ ውድ ጓደኞቼ፥ በቤታችን ብዙ ያዩ አያቶች አሉ፤ በብዙዎቻችን እጅም ካሜራ ያለው ስልክ አለ። ፈቃዳቸውን እንጠይቅ፥ ዘመኑንና ቦታውን እንጻፍ፥ የአንዱን ቃል ከሌላው ጋር እናመሳክር። ወላጆችም ጥያቄያችን ቢከብድ እንኳ በትዕግሥት ይመልሱልን። ሽማግሌ ሳይጠየቅ ሲሞት፥ ያየው ነገር ሁሉ አብሮት ይቀበራልና።