የልብስ ሰፈር እንዴት ይታቀዳል?

አንድ ቀሚስ ከንድፍ ተነሥቶ ለገበያ እስኪበቃ በብዙ እጆች ያልፋል። ንድፍ አውጪው፣ ቆራጩ፣ ሰፊው፣ ቁልፍና ዚፕ ሻጩ በአንድ ሰፈር ሲገኙ ናሙናው በፍጥነት ተሠርቶ ይታረማል፤ ሙያም ከሰው ወደ ሰው ይተላለፋል። ኢኮኖሚስቱ አልፍሬድ ማርሻል ይህን የመሰባሰብ ጥቅም እ.ኤ.አ. በ1890 ባሳተመው መጽሐፉ አብራርቶታል።

ታዲያ እንዲህ ያለውን ሰፈር ከመኖሪያ፣ ከቢሮና ከሱቅ ጋር አቀናጅተን ስናቅድ ዋናው ፈተና ምንድን ነው? ኪራይ ነው። ቢሮ ለአንድ ካሬ ሜትር ከስፌት ቤት የበለጠ መክፈል ስለሚችል፣ ጉዳዩ ለገበያው ብቻ ከተተወ ቀድሞ የሚለቀው ሰፊው ነው። የኒው ዮርክ ከተማ ይህን ለመከላከል እ.ኤ.አ. በ1987 ለማንሃተን የልብስ ሰፈር ደንብ አወጣ። በተወሰኑ መንገዶች ላይ የማምረቻ ቦታን ወደ ቢሮ የሚለውጥ ባለንብረት፣ እኩል ስፋት ያለው ቦታ ለማምረቻ እንዲያቆይ ተገደደ። ሆኖም በርካሽ የውጭ ምርት ፉክክር ምክንያት የስፌት ሥራው መመናመኑን ቀጠለ። እ.ኤ.አ. በ2018 ግዴታው ተነሥቶ፣ ለማምረቻ ቦታ ለሚያቆዩ ባለንብረቶች የግብር ማበረታቻ እንዲሰጥ ተወሰነ።

ከዚህ የምንረዳው ደንብ ቦታን ቢጠብቅም ሥራን እንደማይፈጥር ነው። ስለሆነም ተመጣጣኝ ኪራይ፣ የሙያ ሥልጠናና አስተማማኝ ገዢ አብረው ሊታቀዱ ይገባል።

በአዲስ አበባም የሽሮ ሜዳ ሸማኔና የሀገር ልብስ ነጋዴ መቀራረብ የዚሁ ጥቅም ማሳያ ነው። እንዲህ ያለውን ሰፈር መልሰን ለማልማት ስናስብ፣ ስለ ሕንፃው ውበት ከመነጋገራችን በፊት ሸማኔው ሸማውን የት እንደሚሠራ እንጠይቅ።